ያስነጠሰው ጉሬዛ

ፍኖተ ሰላም ውስጥ ከመናኸሪያው እስከ ገበያው ካለው ሥዕል አብዛኛው የኔ እጅ ነው። የሥጋ ቤቱ በሬ የኔ ነው። የጥርስ ነቃዩ መንጋጋ የኔ ነው። ፀጉር ቤቱ በር ላይ ያለው አንገተ ረዥም ሰውዬም የኔ ነው፤ አንገቱ የረዘመው ቆርቆሮው ረዥም ስለነበረ ነው። ባለ ሥጋ ቤቱ፣ ደንበኞቹ በሬውን አይተው ይገቡና ሥጋውን ሲያዩ ይከፋቸዋል እያለ ይወቅሰኛል። እኔ ምን ላድርግ፤ ሥጋውን እሱ ያሳምር።

«ማን አስተማረሽ?» ይሉኛል። ትምህርት ቤት ገብቶ የወጣ ሰው፣ ሌላውም ሁሉ የሆነ በር ገብቶ የወጣ ይመስለዋል።

«ጉሬዛ» እላቸዋለሁ።

የሰደብኋቸው ይመስላቸዋል። አልፎ አልፎ አልተሳሳቱም። በዚህ ጊዜ ግን እውነቴን ነው፤ ነገሩም እንዲህ ነው።

ጥርሴ መነቃነቅ በጀመረበት ክረምት ነው። የደርግ የመጨረሻው ክረምት ነበር፤ የመጨረሻው መሆኑን ግን ያኔ ደርግም አያውቅም። ከቡሬ ወጣ ብሎ ባለው መንደራችን የእናቴ የሀብትነሽ ቤትና የታላቅ እህቷ የእትዬ ሸጋዬ ቤት በአንድ አጥር ውስጥ ነበሩ። አባቴ እኔ ገና ስድህ ሞቷል። ግቢው የሴት ግቢ ነበር፤ ወንድ ቢባል የእትዬ ሸጋዬ ልጅ ረዳ ብቻ ነው። ረዳ ከንፈሩ ላይ ገና ጥላሸት የመሰለ ነገር የጀማመረው ረዥም ልጅ ነበር። እኔን «ወላቂት» እያለ ትከሻው ላይ ያወጣኝና የቤቱን ክዳን ያስነካኛል።

እትዬ ሸጋዬ እንደኛ እዚሁ በቅላ እዚሁ የኖረች አይደለችም። በልጅነቷ ባሏን ሀይሉን ተከትላ ማሻ ሄዳ፣ ጫካ ውስጥ ቡና እየለቀመችና ማር እያጣራች ኖራ ነው የተመለሰችው። ሀይሉ አልተመለሰም። ቀፎ ሊሰቅል ዛፍ ላይ ወጣ፤ ወደ ቤቱ የገባው በሰው ትከሻ ነው። እሷም ልጇንና የጫካውን ወሬ ይዛ መጣች።

«እዚያ አገር» ትል ነበር፣ «ዝናቡ የሚዘንበው ካባራ በኋላ ነው። ላይ ላዩን ቅጠሉ ይዞት ይቆይና አንተ ረስተኸው ስትሄድ ማጅራትህ ላይ ይለቀዋል። አንዱን ዛፍ ቤተሰብ ተያይዞ አያቅፈውም። ሐረጉ ሲያድግ ይሰማል።»

መንደሩ አያምናትም። እሷ ደግሞ ካልታመነች የማትተኛ ሴት ናት።

በኛ አገር ክረምቱ ሲወጣ፣ ለእንቁጣጣሽና ለመስቀል፣ ሴት ሁሉ ቤቷን ትለስናለች። እበትና ጭድ ከጭቃ ጋር አቡክታ በመዳፏ ግድግዳውን ታዳርሰዋለች፤ የቻለች ከታች ቀይ አፈር፣ ከላይ ነጭ አፈር ትቀባለች። በቃ። እትዬ ሸጋዬም በመጣችበት ዓመት እንደማንኛዋም ሴት ለሰነች፤ ቀይም ነጭም ቀባች። ከዚያ ጥጉ ጋ ትንሽ ነጭ ተርፏት ኖሮ የመፋቂያዋን ጫፍ እንደ ጭራ እስኪበተን አኘከችውና አንድ ዛፍ ሠራች። ዛፉ ብቻውን ደበረው መሰለኝ ሌላ አስከተለች። በየዓመቱ ጥጉን ሳትለስን እያለፈች፣ ጫካው ወደ መሀል እየገፋ፣ የጓዳውን ግድግዳ በሙሉ ወሰደው። አረንጓዴውን ከተወቀጠ ግራዋ፣ ጥቁሩን ከከሰል፣ ነጩን ከአመድ፣ ቢጫውን ከእርድ ታወጣዋለች። ምንቃሩ እንደ ማጭድ የቆለመመ ወፍ ነበር። የሰው ክንድ የሚያህል ሐረግ ነበር። ከሁሉ በላይ ግን ጉሬዛዎቹ ነበሩ፤ ጥቁር ሆነው ትከሻቸው ላይ ነጭ ጋቢ የጣሉ የሚመስሉ፣ በየቅርንጫፉ ተደርድረው የተቀመጡ። ጫፍ ላይ፣ ክዳኑ ሥር፣ ቀፎ ያቀፈ አንድ ትንሽ ሰው ነበር። እሱን ማንም ልብ አይለውም።

የመንደሩ ሴቶች ሊጠይቁ ይመጡና ለግድግዳው ጀርባቸውን ሰጥተው አይቀመጡም። የንስሐ አባታችን ደግሞ አንድ ቀን ጠበል ሊረጩ ገብተው ረዥም ጊዜ ቆመው አዩ።

«ሸጋዬ፣ እኒህ መነኮሳት ጅራት ያበቀሉ ምን አግኝቷቸው ነው?»

«ጉሬዛ ናቸው አባ። ግን ሥጋ አይቀምሱም። ዓመቱን ሙሉ ቅጠል ነው የሚበሉ።»

አባ አሰቡበት። «ፍስክም ሳይል?»

«ፍስክም ሳይል።»

«እንግዲያስ ጅራቱ ይታለፍላቸዋል» ብለው ጠበሉን ግድግዳውም ላይ ረጩለት።

በዚያ ክረምት መጀመሪያ ላይ ትልልቆቹ ቀስ ብለው ማውራት ጀመሩ። እኔ ከምሶሶው ሥር ሆኜ ጥርሴን በምላሴ እየነቀነቅሁ እሰማለሁ። እናቴና እትዬ ሸጋዬ እስከ ክርናቸው ጭቃ ውስጥ ናቸው።

«ጎታዎቹን ወደ ፊት እናምጣቸው» ትላለች እትዬ ሸጋዬ።

«ከኋላ ክንድ ተስንዝር ይበቃዋል?»

«ቁመቱን አታይም? እንደ አባቱ እኮ ነው።»

«ቁጭ ይላላ፣ እታለም። ዋናው ትንፋሹ ነው።»

ስለ አዲስ ጎታ የሚያወሩ መሰለኝ። ጎታ ሴቶች በእጃቸው ከጭቃ የሚሠሩት፣ ሰው የሚያህል የእህል ማስቀመጫ ነው፤ እትዬ ሸጋዬ ጓዳ ውስጥ በረድፍ የቆሙ ነበሩ። ጎታ ቁጭ ማለቱና መተንፈሱ አላስገረመኝም። ጫካው ሐረጉ ሲያድግ የሚሰማበት አገር ሰው ናት።

ከዚያ አንድ ቀን ረዳ ጠፋ። ግድግዳው ላይ ደግሞ አዲስ ጉሬዛ ተቀምጧል፤ ብቻውን፣ በትልቁ ዛፍ ጉልላት ላይ። ዓይኑ የረዳ ዓይን ነው። የአፍንጫው ቀዳዳም እንደ ሌሎቹ በከሰል የተነጠበ አይደለም፤ እውነተኛ ቀዳዳ ነው።

«እትዬ፣ ረዳስ?»

ጭቃ በነካው ጣቷ ግድግዳውን አሳየችኝ። «ጫካ ውስጥ ነው።»

ገባኝ። ረዳ ጉሬዛ ሆኗል። ልጅ ለሆነ ሰው፣ ሰው ጉሬዛ ሆነ ቢሉት ወታደር ሆነ ከሚሉት አይከብደውም። በዚያን ጊዜ የመንደራችን ልጆች እየታፈሱ ወታደር ሆነው በአይፋ መኪና ወደ ሰሜን ይሄዱ ነበር፤ ከሄዱት ደግሞ ተመልሶ ያየሁት የለም። ጉሬዛው ግን እዚሁ ነው፤ ሲፈልግ ያስላል።

እውነቱን ያወቅሁት ደርግ ከሄደ በኋላ ነው። ሁለቱ እህቶች ከጓዳው ግድግዳ ፊት ለፊት ሌላ ግድግዳ አቁመው፣ እትዬ ሸጋዬ የቀድሞውን ጫካ አዲሱ ላይ ቅጠል በቅጠል ደግማ ሥላው፣ አሮጌውን ደግሞ ቦታ እንዲሰፋ ከነልስኑ ፍቃው ነበር። ከጎታዎቹ አንዱ ጀርባ የለውም፤ በአፉ የገባ ሰው በጀርባው ሾልኮ በሁለቱ ግድግዳ መካከል ይቀመጣል። ያ ሁሉ ሥራ በቀን ብርሃን፣ በር ተከፍቶ፣ ሰው እየወጣ እየገባ ነው የተሠራው። ሴት ጭቃ ስታቦካ ማን ቆሞ ያያል? ደርግ ያን ሁሉ ሰላይ ሲያሰማራ ጭቃ የሚያውቅ አንድም አላሰማራም።

እኔ ግን ያኔ ያየሁት ይህን ነው፦ እትዬ ሸጋዬ በሳህን ምግብ ይዛ ትመጣለች፤ የጎታውን ክዳን ታነሳለች፤ ሳህኑን ታወርዳለች።

«ምን እያደረግሽ ነው?»

«ጫካው ራበው።»

ሳህኑ ተልሶ ይመለሳል። ጥርሴ የወለቀ ቀንም፣ ሌላው ልጅ ጥርሱን ክዳን ላይ ለቁራ እንደሚወረውር እያወቅሁ፣ እኔ የኔን ለረዳ ሰጠሁት። ጎታ ላይ ወጥቼ በጉሬዛው አፍንጫ ከተትሁለት። ከውስጥ «እህ» የሚል ነገር ሰማሁ። ደስ ያለው መሰለኝ።

ነሐሴ ውስጥ ዝናብ እየጣለ ሳለ ሰዎች መጡ። ሦስት ነበሩ። የገበሬ ማኅበሩ ሊቀመንበር አቶ ንብረት፤ ምልመላውን የሚያስፈጽሙ እሳቸው ስለሆኑ፣ ሲያልፉ እናቶች ልጆቻቸውን ከበር ላይ ይስቡ ነበር። ሚሊሻው ክንፈሚካኤል፣ ጠመንጃውን እንደ ማረሻ ቀንበር በሁለት ትከሻው ያጋደመ። ከአውራጃ የመጣው፣ ጓድ እንዳለው የሚባለው ካድሬ ደግሞ አንድ ጫማውን ደጃችን ላይ ያለው ጭቃ ውጦበት ባንድ እግሩ በካልሲ ገባ። ክንፈሚካኤል ጫማውን አውጥቶ ውሃው እየተንጠባጠበ ከኋላ አመጣለት።

«ልጅሽ ረዳ የት ነው ያለው?» አሉ አቶ ንብረት፣ ቆመው።

«አረፍ በሉ እንጂ ጋሼ ንብረት።»

«ልጅሽን ነው የጠየቅሁሽ።»

«ማሻ ነው፤ የአባቱ ዘመዶች ጋ። እዚያ ጫካ ውስጥ ነው የቀረ» አለችና ወደ ግድግዳው በአገጯ አመለከተች።

ካድሬው ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብሎ አየ። የያዘውን እርጥብ ጫማ መሬት ላይ አስቀመጠ።

«ይህን ማነው የሠራው?»

«እኔ ነኝ ጌታው።»

«ማን አስተማረዎት እናቴ?»

ጥያቄው ያኔም ነበረ ማለት ነው። «ክረምቱ» አለችው።

ካድሬው ከግድግዳው አንድ ጫፍ እስከ ሌላው በካልሲው ሄደ። ክንፈሚካኤል እስከዚያ ጎታዎቹን በሰደፉ እየመታ ያዳምጣል። አንዱ ጋ ሲደርስ ድምፁ ለየት አለ። ደግሞ መታው።

«ይኸኛው ባዶ ነው።»

«በነሐሴ የማን ጎታ ሞልቶ ያውቃል ልጄ?» አለችው እትዬ ሸጋዬ። «ያንተ እናት ጎታ ሞልቷል?»

ክንፈሚካኤል ጎታውን ተወው።

ካድሬው ጉሬዛዎቹ ፊት ቆሟል። «ተመልከቱ ጓዶች! ጥቁሩና ነጩ ባንድ አካል ላይ፣ ሳይጋጩ። ይህ ምንድነው? ቅይጥ ኢኮኖሚ ነው!» ቅይጥ ኢኮኖሚ በዚያው ዓመት የታወጀ አዲስ ነገር ነበር። ባለፈው ዓመት መጥቶ ቢሆን ኖሮ እነዚያው ጉሬዛዎች የአምራቾች ኅብረት ሥራ ማኅበር ይሆኑ ነበር።

ሰው ሁሉ ስለ ጉሬዛዎቹ የሚያውቀው ነገር አለ፤ ከኔ በላይ የሚያውቅ ግን የለም። ወደ ፊት ወጣሁ።

«ይኸኛው ረዳ ነው» አልሁት በጣቴ እያሳየሁ።

የእናቴ መዳፍ አየር ላይ ቀረ። ካድሬው ጎንበስ አለና ሣቀ። «ረዳ ነው? እና ረዳ ምን ይበላል?»

«እንጀራ።»

«በምን?»

«በሽሮ። ትናንት ጎመን ነበረ፤ አልወደደውም፣ አስተርፏል።»

ካድሬው እንባው እስኪመጣ ሣቀ። አቶ ንብረት ግን አልሣቁም። ክንፈሚካኤል አንዴ ሳህኑን፣ አንዴ ጎታውን አየ። እትዬ ሸጋዬ «ልጅ ነች፣ ትቀባጥራለች» አለች፤ እኔም በጣም ተቀየምኋት። በሕይወቴ እንደዚያን ቀን እውነት ተናግሬ አላውቅም።

መጥፎው ነገር የመጣው ከዚህ በኋላ ነው። ካድሬው ጫማውን እያጠለቀ፣ «ይህ ለአብዮት በዓል ፍኖተ ሰላም ዐውደ ርእይ ላይ መታየት አለበት» አለ።

«ምኑ ጌታው?»

«ግድግዳው።»

«ግድግዳ እንዴት ይሄዳል?»

«ይቆረጣል። አናጺ አመጣለሁ። በአይፋ ይጫናል።»

«ጌታው፣ ጭቃ እኮ ነው፤ ይፈርሳል።»

«በሳንቃ እናስረዋለን። አይሥጉ እናቴ፣ የሰፊው ሕዝብ ሀብት ነው» ብሏት ወጣ። ልጇን አጥቶ የሄደው ሰው ግድግዳዋን ሊወስድ እንደሚመለስ ነግሯት ሄደ።

እኔ ደስ ብሎኝ ዘለልሁ። ረዳ በመኪና ሊሄድ ነው። እናቴ አንዲት ጥፊ አቀመሰችኝ፤ ለምን እንደሆነ አልነገረችኝም።

«እንግዲህ ምን ይደረጋል?» አለች እናቴ።

«ከጠላው ሰውስ ደበቅሁት» አለች እትዬ ሸጋዬ። «ከሚወደው ሰው የት እደብቃለሁ?»

«ይውጣና ይሂድ።»

«ወዴት? ከቡሬ መውጫ ኬላ ነው። ድልድዩ ላይ ኬላ ነው።»

እናቴ በሩን ገርበብ አደረገችው። ከዚያ ቀስ ብላ፣ «ሥዕሉ ባይኖር ግድግዳውን ማን ይፈልገዋል?» አለች።

ከዚያ ቀን ጀምሮ የእትዬ ሸጋዬ ሥራ፣ ሌላውን ሁሉ ትታ፣ ጓዳው ውስጥ በርጩማ ላይ ተቀምጣ ግድግዳውን ማየት ሆነ። እኔም አጠገቧ እቀመጣለሁ። ዛፎቹን የምታይ ይመስለኝ ነበር። ዓይኗ ግን ክዳኑ ሥር ቀፎ ያቀፈው ትንሽ ሰው ላይ ነበር። ሀይሉ ፎቶግራፍ ተነስቶ አያውቅም። በዓለም ላይ ፊቱ ያለው እዚያ ብቻ ነበር፤ ቀፎውን አቅፎ፣ ገና ሳይወድቅ።

ጳጉሜ ሲገባ ጭቃ አቦካች።

ከላይ ጀመረች። ጎታ ላይ ወጥታ፣ እፍኝ ሙሉ ጭቃ ይዛ፣ ትንሹ ሰው ላይ መዳፏን አሳረፈች፤ አላነሳችውም። ውሃው በክንዷ እየወረደ እስከ ብብቷ ድረስ ሄደ። ቆይታ ቆይታ መዳፏን ወደ ጎን አንሸራተተች። ከዚያ በኋላ ፈጠነች። ወፉ ሄደ፤ ሐረጉ ሄደ፤ መነኮሳቱ አንድ በአንድ ከነጋቢያቸው ጭቃ ውስጥ ገቡ። እኔ ክው ብዬ አያለሁ። ረዳ ጋ ስትደርስ እግሯ ላይ ተጠመጠምሁ።

«አትቅበሪው!»

«ልቀቂኝ ያይኔ።»

«ምን አደረገሽ? ጎመኑን አሁን እኮ ይበላል!»

እትዬ ሸጋዬ የሣቀች ይሁን ያለቀሰች እስካሁን አላውቅም፤ ትከሻዋ ይንቀጠቀጥ ነበር። ዓይኑን ለሰነችው። አፉን ለሰነችው። አፍንጫው ላይ ስትደርስ ጭቃውን በአውራ ጣቷ ገፋ አድርጋ ቀዳዳውን ተወችው። ከዚያ አነሳችኝ።

«ጣትሽን አግቢ።»

አገባሁ። ሞቀኝ። ቀዘቀዘኝ። ደግሞ ሞቀኝ።

«አለ?»

«አለ» አልኋት።

«እንግዲያስ ዝም በይ።»

ካድሬው በእንቁጣጣሽ ዋዜማ መጣ። አይፋው መኪና መንገዱ ላይ ቆሟል። አቶ ንብረትና ክንፈሚካኤል ከፊት፣ አናጺው መጋዙንና ሳንቃውን ተሸክሞ ከኋላ። እናቴ ለእንቁጣጣሹ ወጥ ሽንኩርት እያቁላላች፣ በርበሬውን በገበታ አስቀምጣ ምድጃው ጋ ነበረች።

ካድሬው ወደ ጓዳው አልፎ ገባና ደረቀ። ግድግዳው ልሙጥ ነው። እርጥብ ነው። እበት እበት ይሸታል።

«ሥዕሉስ?»

«እንቁጣጣሽ አይደል ጌታው፤ ቤት ለሰንሁ» አለችው እትዬ ሸጋዬ፣ እጇን በቀሚሷ እየጠረገች።

«ለሰንሁ?»

«ለዓመት በዓል ቤቱን የማይለስን አለ? ሰው ምን ይለኛል? ጋሼ ንብረት፣ የርስዎ ቤትስ አልተለሰነም?»

«ተለስኗል» አሉ አቶ ንብረት።

«እመጣለሁ ብዬ ነግሬዎት ሄጄ!»

«ለክብርዎ ብዬ ነው እንጂ። እንግዳ ሊመጣ ቆሽሾ ይቆየው?»

የካድሬው ፊት ሲያዩት ያሳዝናል። አሁን ሳስበው፣ ከመንደሩ ሰው ሁሉ ያን ግድግዳ ለዓይኑ ሲል ብቻ የወደደው እሱ ነበር። መዳፉን እርጥቡ ላይ አሳርፎ ቆየ። ድንገት ወደ አናጺው ዞረ። «ፋቀው። ከሥሩ ይኖራል።»

አናጺው መሮውን አወጣ። አንድ ጊዜ ፋቀ፤ ጭቃው ቀለሙን ይዞ በቁራሽ ወረደ። «ወደ መሀል ሞክር» አለ ካድሬው። አናጺው ወደ መሀል ሞከረ። ከእርጥቡ ሥር የነበረው ደረቅ ጭድና አቧራ በቀዳዳው አካባቢ ብን አለ።

ግድግዳው አስነጠሰ።

ትንሽ ማስነጠስ አይደለም። የታፈነ፣ ለብዙ ቀን የተጠራቀመ፣ የወጣት ወንድ ማስነጠስ ነው። አናጺው መሮውን ጣለ። ካድሬው ቀስ ብሎ ዞረ። እትዬ ሸጋዬ መሬቱን ታያለች፤ ከንፈሯ አመድ ሆኗል። ግድግዳም ጆሮ አለው ይባላል፤ የኛ አፍንጫም ነበረው።

«ይማርህ» አሉ አቶ ንብረት። ክንፈሚካኤልን እያዩ ነው።

ክንፈሚካኤል ሊቀመንበሩን አየ። ግድግዳውን አየ። ጠመንጃውን ከአንዱ ትከሻ ወደ ሌላው አዛወረ።

«ያኑርልኝ ጋሼ» አለና አፍንጫውን በእጅጌው ጠረገ።

እኔ ይህን ዓይን ያወጣ ውሸት መቻል አልቻልሁም። ይማርህ የሚባለው ላስነጠሰው ነው፤ ይህን ሕፃን ያውቀዋል። «እሱ እኮ አላስነጠሰም፤ ያስነጠሰው…» ብዬ ስጀምር እናቴ ትኩስ ድፎ ዳቦ አፌ ውስጥ ሞጀረችብኝ። በዚያው እጇ ተመልሳ ገበታው ላይ ያለውን በርበሬ እፍኝ ሙሉ አንስታ ፍሙ ላይ በተነችው።

ቤቱ ተነሳ። መጀመሪያ አናጺው አስነጠሰ፣ ከዚያ ካድሬው፣ ከዚያ አቶ ንብረት፣ ከዚያ እኔ ከነዳቦዬ። ክንፈሚካኤል አሁን የምሩን አስነጠሰ። ግድግዳው ደግሞ አላቆም አለ።

«ይማርህ!»

«ያኑርህ! ይማርዎ!»

«ያኑርልኝ! ይማርሽ!»

«ወይኔ ጌቶቼ» ትላለች እናቴ በጭሱ መሀል፣ «እጄን አድጦኝ፤ ምን ዓይነት ሰው ነኝ እኔ!»

ማን ማንን ይማርህ እንደሚል ጠፋ። ካድሬው ዓይኑን ጨፍኖ፣ ግድግዳውን ተደግፎ፣ እየተደናበረ በሩን አገኘው፤ ደጃፍ ላይ ያው ጭቃ ያንኑ ጫማ ዋጠበት። በዚህ ጊዜ ማንም አላወጣለትም። አይፋው ሳንቃውን ብቻ ጭኖ ሄደ።

አቶ ንብረት ወደ ኋላ ቀሩ። እንባቸውን በነጠላቸው ጫፍ እየጠረጉ ጎታዎቹን አዩ።

«ሸጋዬ።»

«አቤት ጋሼ።»

«ጎታሽን እርጥበት እንዳይጎዳው። ጉንፋን ይዞታል መሰለኝ።»

ይህን ብለው ወጡ። እኔ በልጅነቴ አቶ ንብረትን በመንደሩ ውስጥ ካሉት ሁሉ ክፉ አድርጌ ነበር የማያቸው፤ ጎታ ጉንፋን ይይዘዋል ሲሉ ደግሞ ሞኝም አደረግኋቸው። የገዛ ልጃቸው ከመጀመሪያዎቹ ምልምሎች ጋር ሄዶ ወሬው እንደጠፋ፣ እሳቸውም ከዚያ ወዲህ ቤት ሲፈትሹ ጎታ ውስጥ እንደማያዩ የሰማሁት ካደግሁ በኋላ ነው።

የካቲት ላይ የደርግ ወታደር በአንድ ሌሊት ቡሬን ለቅቆ ሄደ። በማግስቱ፣ ፀሐይ ሞቅ ሲል፣ የጎታው ክዳን ከፍ አለና አንድ ነገር ወጣ። ጢሙና ፀጉሩ ጥቁር ሆኖ አንገቱ ላይ ወርዷል፤ ትከሻው የግድግዳው አፈር አርፎበት ነጭ ነው። ጉልበቱ አልዘረጋ ብሎት ጎንበስ ብሎ፣ እጁን መሬት እያስነካ ነው የሚሄድ። የመጡት ሴቶች እሪ አሉ። እኔ ብቻ ነኝ ያልገረመኝ። ልክ እንደጠበቅሁት ጉሬዛ ነው።

አጠገቤ ሲደርስ ጨብጦት የነበረውን መዳፍ ዘረጋልኝ። ጥርሴ ነበረች።

«ወላቂት፣ ይህችን ያዥ» አለኝ ረዳ። «ተኝቼ አፌ ውስጥ ነው የጨመርሽብኝ። ልትገይኝ ነበር።»

ረዳ ዛሬ ቡሬ ላይ የእህል ነጋዴ ነው፤ ወፍሯል፤ ጎታ ውስጥ ቢከቱት አንድ እግሩም አይገባ። ጠባብ ቤት አይወድም፤ በሩን ክፍት አድርጎ ነው የሚተኛው። እትዬ ሸጋዬም በዚያው ዓመት እንደገና መሣል ጀመረች፤ በውጭው ግድግዳ፣ ከመንገድ በሚታይበት። ወፉን መለሰችው፤ ሐረጉን መለሰችው። እኔም መፋቂያ እያኘክሁላት፣ ግራዋ እየወቀጥሁላት፣ ስታርፍ እየሰረቅሁ እየሞከርሁ አደግሁ። ሀይሉን ግን ደግማ አልሣለችውም። የውስጠኛውን ልስንም ማንም እንዲነካ አትፈቅድም። በየዓመቱ ለእንቁጣጣሽ ቤቱን በሙሉ ትለስንና እዚያ ስትደርስ ታልፈዋለች። ሀይሉ ከሥሩ እዚያው ዛፉ ላይ ነው።

ባለፈው ሳምንት የሥጋ ቤቱን በሬ አደስሁት፤ ዝናቡ አጥቦት ነበር። እኔ እንስሳ ስሥል አፍንጫውን መጨረሻ ላይ ነው የማደርገው። ከጨረስሁ በኋላ ደግሞ ጣቴን ቀዳዳው ላይ አሳርፌ ትንሽ እቆያለሁ። ባለ ሥጋ ቤቱ ቢላዋ እየሳለ ያየኛል።

«ምን እያደረግሽ ነው አንች?»

«ትንፋሹን እያየሁ።»

«እኔ እኮ የምሸጠው የታረደ ነው።»

«የርስዎ ታርዷል» አልሁት። «የኔ አልታረደም።»

ጭንቅላቱን ነቅንቆ ወደ ሥጋው ገባ። እኔ መሰላሉ ላይ ቀረሁ። ቆርቆሮው ቀዝቃዛ ነበር፤ ጣቴን ግን ትንሽ አቆየሁት።